ፅንስ ማቋረጥ፦ «ስህተት ነው» የሚል ሰው ሁሉ «ሴትየዋ ትታሰር» ይላል?

ጠያቂዋ፦

ሰላም ለሁላችሁ። ክሩን የከፈትኩት በዚህ ጉዳይ ላይ የሚወጡ የሕዝብ አስተያየት ውጤቶች የሚነበቡበት መንገድ ስለከነከነኝ ነው። ዓመቶቹን በሙሉ በፈረንጅ አቆጣጠር እጽፋለሁ። እናንተም እንደዛው ብታደርጉ አንደናገርም።

ሰውን «ፅንስ ማቋረጥን ትደግፋለህ ወይስ ትቃወማለህ?» ብላችሁ ብትጠይቁት ከሁለቱ አንዱን ይመርጣል። ሌላ ምርጫ አልተሰጠውም። ዘርዘር አድርጋችሁ ስትጠይቁት ግን መልሱ ይቀያየራል። የተደፈረች ብትሆንስ? የ13 ዓመት ልጅ ብትሆንስ? እርግዝናው እናትየዋን ሊገድላት ከሆነስ? ፅንሱ ተወልዶ መኖር እንደማይችል ሐኪሞች ካረጋገጡስ? መጨረሻ ላይ ደግሞ «እሺ፣ ያቋረጠችው ሴት እስር ቤት ትግባ?» በሉት። እዚህ ጋ ሲደርስ አጥብቆ ሲቃወም የነበረው ሰው ራሱ ያመነታል።

አሜሪካን ውሰዱ። የሕዝብ አስተያየት የሚሰበስበው ጋሎፕ ከ1975 ጀምሮ ተመሳሳይ ጥያቄ ሲጠይቅ ኖሯል። በእነዚህ ሁሉ ዓመታት ብዙ ድምፅ ያገኘው መልስ «ሁልጊዜ ይፈቀድ»ም «ፈጽሞ አይፈቀድ»ም አይደለም። «በተወሰኑ ሁኔታዎች ይፈቀድ» የሚለው ነው። ይሄ ትልቅ የመሀል ሕዝብ ግን በቴሌቪዥን ክርክር ላይ አይታይም። የሚጋበዙት የሁለቱ ጫፍ ሰዎች ናቸው።

ካንሳስ ላይ የሆነውን ተመልከቱ። ግዛቱ ወግ አጥባቂ ነው። የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ፅንስ ማቋረጥን በመላ አገሪቱ መብት አድርጎ የቆየውን የሮ እና ዌድን ውሳኔ በጁን 2022 ሻረ። ስድስት ሳምንት ሳይሞላ የካንሳስ ሕዝብ «የፅንስ ማቋረጥ መብት ከግዛቱ ሕገ መንግሥት ይውጣ ወይ?» ተብሎ ተጠየቀ። 59 በመቶ የሚሆነው «አይውጣ» አለ። ከእነዚህ ውስጥ «እኔ በበኩሌ አላደርገውም» የሚል ስንት ሰው እንዳለ አስቡት።

የኔን አቋም ልደብቃችሁ አልፈልግም። ውሳኔው የሴትየዋ መሆን አለበት ብዬ አምናለሁ። እናንተስ ምን ትላላችሁ? በተለይ ጤናው ላይ የምታውቁት ካለ አካፍሉን።

ታዛቢው፦

እህቴ፣ እኔ ከወዲያኛው ወገን ነኝ። በጨዋነት ስለከፈትሽው በጨዋነት ልመልስ።

አንደኛ፣ ብዙ ሰው አንድን ነገር ስለመረጠ ነገሩ ትክክል ይሆናል ማለት አይደለም። ታሪክ ውስጥ ብዙኃኑ የደገፈው ግፍ ሞልቷል። ሁለተኛ፣ ለኔ ፅንሱ ሰው ነው። ትንሽ ስለሆነ፣ ስለማይናገር፣ ድምፅ ስለማይሰጥ ብቻ ሰውነቱ አይቀርም። ስለ መብት ሲወራ የሁለቱም መብት መነሳት አለበት። ሴትየዋ ትታሰር አልልም። ግን ሕግ ያስተምራል። ሕጉ «ምንም አይደል» ካለ ትውልዱም «ምንም አይደል» ይላል። የምሰጋው ይሄን ነው።

አዋላጇ፦

ታዛቢው ወንድሜ፣ እምነትህን አከብራለሁ። በመርህ ልከራከርህ አይደለም የመጣሁት። አዋላጅ ነርስ ነኝ፣ ብዙ ዓመት ሠርቻለሁ። ያየሁትን ልንገርህ።

ብዙ ጊዜ ሌሊት ነው የሚመጡት። አብሯት የመጣ ሰው ካለ በር ላይ ይቀራል። «ደረጃ ላይ ወድቄ ነው» ትለኛለች። ሙቀቷ 39 አልፏል። ልቧ በጣም ይመታል፣ የደም ግፊቷ ወርዷል። ሆዷን ገና ስነካው እጄን ትይዘኛለች። የምጠይቃት አንድ ነገር ነው። ምን ወሰድሽ? ምን ገባ? እሷ ግን የምትሰማው የፖሊስ ጥያቄ ነው። ስለዚህ «ወድቄ ነው» የሚለውን ትደግመዋለች። እኔ የወደቀ ሰው ምን እንደሚመስል አውቃለሁ። እሷም እንደማውቅ ታውቃለች። በዚህ መሀል ሰዓት ይሄዳል። ኢንፌክሽኑ ወደ ደም ከገባ ደግሞ እያንዳንዱ ሰዓት ዋጋ አለው። ማህፀኗ ተበስቶ እንደሆነ፣ ውስጥ የቀረ ነገር እንዳለ፣ መርዛማ ነገር ጠጥታ እንደሆነ ሳላውቅ ነው ማከም የምጀምረው። አንዳንዷ ትተርፋለች፣ ማህፀኗ ግን አይተርፍም። 20 ዓመት ያልሞላት ልጅ ከቀዶ ሕክምና ስትነቃ ይሄን የሚነግራት ሰው ያስፈልጋል። ያ ሰው እኔ ሆኜ አውቃለሁ።

ይሄ ሁሉ የፅንስ ማቋረጥ ጉዳት ነው የሚል አለ። አይደለም። በድብቅና ባልሠለጠነ እጅ መሠራቱ ያመጣው ጉዳት ነው። የዓለም ጤና ድርጅት በዓመት 73 ሚሊዮን ገደማ ፅንስ የማቋረጥ ድርጊት እንደሚፈጸም ይገምታል። ከዚህ ውስጥ 45 በመቶው ደህንነቱ ያልተጠበቀ ነው። ከዚያ ደግሞ 97 በመቶው በታዳጊ አገሮች ነው። በሠለጠነ ባለሙያ፣ በትክክለኛው ጊዜና በትክክለኛው ዘዴ ሲሠራ ግን ከ100,000 ውስጥ አንድ ሞት እንኳን አይሞላም።

ስለ መድኃኒቱም ልጨምር፣ ብዙ ሰው ስለማያውቀው። ሚሶፕሮስቶል መጀመሪያ የወጣው ለጨጓራ ቁስለት ነበር። በ1980ዎቹ ብራዚል ውስጥ ሴቶች ራሳቸው ነበሩ እርግዝና እንደሚያቋርጥ ያወቁት። ሕጉ አልተለወጠም። ሆኖም ሹል ነገርና መርዝ ቀርቶ ክኒኑ ሲተካ ሆስፒታል የሚደርሰው ከባድ ጉዳት ቀነሰ። ይሄው ክኒን ወልዳ ደም አልቆም ያላትን እናት ለማትረፍም እንጠቀምበታለን። የጨነገፈባትንም ለማከም። የዓለም ጤና ድርጅት ሚፌፕሪስቶን ከሚባለው ሌላ የማቋረጫ ክኒን ጋር በ2005 በመሠረታዊ መድኃኒቶች ዝርዝር ውስጥ አስገብቶታል። የአሜሪካዋ ሉዊዚያና ግዛት በ2024 ሁለቱንም ቁጥጥር ከሚደረግባቸው መድኃኒቶች ጎራ ስትመድባቸው መጀመሪያ የጮኹት የማዋለጃ ክፍል ሐኪሞች ናቸው። ክኒኑ ተቆልፎበት፣ ደም እየፈሰሰ ቁልፍ ፍለጋ መሮጥ ምን ማለት እንደሆነ ስለሚያውቁ።

ሚኪ፦

አዋላጇ፣ እግዚአብሔር ይስጥሽ። አንድ ጥያቄ ነበረኝ። ከልጅነቴ ጀምሮ የምሰማው ያቋረጠች ሴት መካን ትሆናለች፣ የጡት ካንሰር ይይዛታል፣ አእምሮዋም ይነካል ሲባል ነው። ከዚህ ውስጥ የቱ ነው እውነት?

ጥናት_አንባቢ፦

ሚኪ፣ በዚህ ላይ ብዙ አንብቤያለሁና ልሞክር።

የጡት ካንሰሩ ነገር ተዘግቷል። በ2004 ላንሴት በሚባለው የሕክምና መጽሔት ላይ የወጣ ትንተና ከ16 አገሮች 53 ጥናቶችን ሰብስቦ ጡት ካንሰር የያዛቸውን 83,000 ሴቶች መረጃ ፈተሸ። ግንኙነት አላገኘም። የድሮዎቹ ጥናቶች ያሳሳቱት በአጠያየቃቸው ነው። የታመመች ሴት «ለምን እኔን?» እያለች ያለፈ ሕይወቷን አንድ በአንድ ታነሳለች። ጤነኛዋ ግን ያቋረጠችውን ለጠያቂው አትነግረውም። ያኔ በሽተኞቹ ብቻ ያቋረጡ ይመስላል።

መካንነት በአግባቡ ከተሠራ አይከተልም። ኢንፌክሽን ተፈጥሮ የማህፀን ቱቦን ከዘጋ ግን ይከተላል። ሰው ያየው ይሄኛውን ስለሆነ ወሬው ከየት እንደመጣ ይገባኛል።

አእምሮን በተመለከተ ጠንካራው ማስረጃ በካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ሳን ፍራንሲስኮ የተሠራው ተርናዌይ የሚባለው ጥናት ነው። 1,000 ያህል ሴቶችን ለአምስት ዓመት ተከታትሏል። ብልህነቱ አመራረጡ ላይ ነው። አንዳንዶቹ የክሊኒኩ የጊዜ ገደብ ሳያልፍ ደርሰው አገልግሎቱን ያገኙ ናቸው። ሌሎቹ ገደቡ በጥቂቱ አልፎባቸው የተመለሱ ናቸው። ሁለቱም ቡድኖች ማቋረጥ ፈልገው ነው የመጡት፤ ኑሯቸውም ይመሳሰላል። ስለዚህ ልዩነቱ የመጣው ከመከልከሉ ነው ማለት ይቻላል።

ያቋረጡት ከተከለከሉት የባሰ ድብርት አልያዛቸውም። እንዲያውም በመጀመሪያዎቹ ሳምንታት የበለጠ የተጨነቁት የተከለከሉት ናቸው። ከጊዜ በኋላ ሁለቱ ተቀራረቡ። ያልተቀራረበው ኑሯቸው ነው። የተከለከሉት ዕዳቸው ጨመረ። ከሚደበድባቸው ሰው ጋር ያላቸውን ግንኙነት ለመቁረጥም ረጅም ጊዜ ወሰደባቸው። ካቋረጡት ውስጥ ከአምስት ዓመት በኋላም 95 በመቶ የሚሆኑት «ለኔ ትክክለኛ ውሳኔ ነበር» ብለዋል።

ማዘን የለም ማለት ግን አይደለም። አለ። የሚበረታውም ቀድሞ የአእምሮ ሕመም በነበረባቸው፣ በሰው ግፊት በወሰኑና «ሰው ምን ይለኛል» ብለው ለማንም ሳይናገሩ ብቻቸውን በተሸከሙት ላይ ነው።

ታዛቢው፦

ስለ ዝርዝሩ አመሰግናለሁ። ሁለት ነገር ግን ላንሳ።

የቀሩት 5 በመቶ ቁጥር ብቻ አይደሉም። የተጸጸተች ሴት «ተጸጽቻለሁ» ስትል «የተቃዋሚዎች መሣሪያ ሆነች» ተብላ መሸማቀቅ የለባትም። የምትናገርበት ቦታ ይኑራት። የመብት ተሟጋቾች እዚህ ላይ ደካማ ናችሁ።

ሌላው፣ ሕጉ ሲላላ ቁጥሩ አይጨምርም ወይ? የዋህ አልሁን። የተፈቀደ ነገር ይበዛል።

ሊዲያ፦

የመጀመሪያው ላይ ታዛቢው ልክ ነው። ሀዘኗን ስትናገር «እንደዛ አትበዪ» የተባለች ሴት አውቃለሁ። ባትናገር ኖሮ ይሻላት ነበር። ደጋፊ ነኝ የሚል ሰው መስማትም አለበት።

ታሪክ_ወዳድ፦

ሁለተኛውን ለኔ ተዉልኝ። ይሄ ጥያቄ በእውነተኛ ሕዝብ ላይ ተፈትኗል፣ አሳዛኙም እሱ ነው።

ሩማንያ። በ1966 የአገሪቱ መሪ ቻውሼስኩ የሕዝብ ቁጥር ይጨምር ብሎ በአዋጅ ቁጥር 770 ፅንስ ማቋረጥን ከጥቂት ሁኔታዎች በስተቀር ከለከለ። የእርግዝና መከላከያም እንደ ልብ አይገኝም ነበር። በቀጣዩ ዓመት የሚወለደው ሕፃን ቁጥር እጥፍ ሊሆን ምንም አልቀረው። ታዛቢው፣ እዚህ ላይ ብናቆም አንተ ትረታለህ። ግን ጥቂት ዓመት ሳይቆይ የወሊዱ መጠን ተመልሶ ወረደ። ሴቶቹ ድብቁን መንገድ ለመዱት። ያልወረደው የእናቶች ሞት ነው። በ23ቱ ዓመታት ወደ 10,000 የሚጠጉ ሴቶች በድብቅ ውርጃ እንደሞቱ ይገመታል። የሕፃናት ማሳደጊያዎቹ በተጣሉ ልጆች ሞልተው የተገኙበትን ፎቶ ያየ ሰው አይረሳውም። በዲሴምበር 1989 አገዛዙ ሲወድቅ አዲሱ መንግሥት በመጀመሪያዎቹ ቀናት ከሻራቸው ሕጎች አንዱ ይሄ ነበር። በአንድ ዓመት ውስጥ የእናቶች ሞት በግማሽ ገደማ ቀነሰ። አዲስ ሆስፒታል አልተሠራም። ሕጉ ነው የተለወጠው።

ደቡብ አፍሪካ ሕጓን በ1996 ስታሻሽል ከውርጃ ጋር የተያያዘው ሞት በጥቂት ዓመታት በ91 በመቶ ወርዷል። ኔፓል እስከ 2002 ድረስ ሴቶችን ታስር ነበር። ከዚያ ፈቀደች፣ ባለሙያም አሠለጠነች፣ ከባድ ጉዳቱም እየቀነሰ ሄደ። ኢትዮጵያም በ2005 የወንጀል ሕጓን ስታሻሽል በአንቀጽ 551 ለተደፈሩ፣ በዘመድ ለተፀነሰ፣ ለእናት ሕይወትና ጤና፣ ለማይድን የፅንስ ችግርና ልጅ ለማሳደግ አካላቸው፣ አእምሮአቸው ወይም ዕድሜያቸው ላልደረሰ ሴቶች መንገድ ከፍታለች።

አሁን የሚገርመው ይመጣል። የአሜሪካው ፕሬዚዳንት ሬገን በ1984 የሜክሲኮ ሲቲ ፖሊሲ የሚባለውን አወጡ። የአሜሪካን ዕርዳታ የሚቀበል የውጭ ድርጅት ስለ ፅንስ ማቋረጥ ምክር እንኳን ከሰጠ ገንዘቡ ይቋረጥበታል። ከዚያ ወዲህ አንዱ ፕሬዚዳንት ይሽረዋል፣ ሌላው ይመልሰዋል። ተመራማሪዎች ከሰሃራ በታች ባሉ 26 አገሮች ላይ ያጠኑት ጥናት በ2019 ወጥቷል። ፖሊሲው በሥራ ላይ በዋለባቸው ዓመታት በዕርዳታው ላይ በብዛት በተደገፉት አገሮች ፅንስ ማቋረጥ ከሌሎቹ ጋር ሲነጻጸር በ40 በመቶ ገደማ ጨመረ። ምክንያቱ ግልጽ ነው። ገንዘቡ የተቋረጠባቸው ክሊኒኮች የእርግዝና መከላከያ የሚሰጡት ራሳቸው ነበሩ። ታዛቢው፣ አንተ የምትፈልገው ቁጥሩ እንዲቀንስ ከሆነ ይሄ ፖሊሲ ተቃዋሚህ ነው።

አሜሪካም ውስጥ እንደዛው ነው። ከ2022 በኋላ ብዙ ግዛቶች ከለከሉ። በ2023 ግን በአገሪቱ የተፈጸመው ከአንድ ሚሊዮን አለፈ፤ ከአሥር ዓመት በላይ ያልታየ ቁጥር ነው። የቻለችው ወደ ሌላ ግዛት ሄደች፣ ወይም ክኒኑ በፖስታ ደረሳት። ያልቻለችው ደሃዋ ናት። ቴክሳስ ውስጥ ክልከላው በተጣለ ማግስት፣ ከ2021 እስከ 2022 ባለው ጊዜ፣ የጨቅላ ሕፃናት ሞት በ13 በመቶ ገደማ ጨምሯል። በተለይ ከአፈጣጠር ችግር ጋር በተወለዱት ላይ ሞቱ ጎልቶ ጨመረ። አንዳንድ እናቶች እስከ መጨረሻው ተሸክመው እንዲወልዱና እንዲቀብሩ ተገደዱ።

የሕግ_ሰው፦

«እናትየዋ ልትሞት ከሆነ ይፈቀዳል» የሚሉ ሕጎች በወረቀት ላይ ያማሩ ናቸው። ችግሩ ሐኪሙ አልጋው አጠገብ ሲቆም ይመጣል። ሴትየዋ ምን ያህል ስትታመም ነው «ልትሞት ነው» የሚባለው? ሐኪሙ ከቸኮለ እስር ይጠብቀዋል። ከዘገየ እሷ ትሞታለች። የሐኪሙ ጠበቃ ደግሞ ሁልጊዜ «ትንሽ ጠብቅ» ነው የሚለው።

የተገላቢጦሹንም አትርሱ። ጣሊያን ከ1978 ጀምሮ ሕጓ ይፈቅዳል። ግን ከማህፀን ሐኪሞቿ ከ60 በመቶ በላይ የሚሆኑት ኅሊናችን አይፈቅድም ብለው ስለሚተዉት በአንዳንድ አካባቢ የሚሠራ ሐኪም ማግኘት ጭንቅ ነው። የተጻፈ መብት ሁሉ የሚገኝ መብት አይደለም።

ሊዲያ፦

የሕግ ሰው ያልከው በአየርላንድ ስም አለው። ሳቪታ ሃላፓናቫር ትባላለች። 31 ዓመቷ፣ የጥርስ ሐኪም። በኦክቶበር 2012 ጎልዌይ ከተማ ውስጥ በ17ኛ ሳምንቷ ሆስፒታል ገባች። ልጇን ትፈልገው ነበር። እርግዝናው እየጨነገፈ እንደሆነና ፅንሱ እንደማይተርፍ ሐኪሞቹ ነገሯት። ባልና ሚስቱ እንዲቋረጥላት ለመኑ። የፅንሱ የልብ ምት ስላልቆመ አልተቻለም ተባሉ። በዚያ መሀል ኢንፌክሽኑ ደሟን መረዘው። ሆስፒታል በገባች በሳምንቷ አረፈች።

አየርላንድ በ1983 ፅንሱን ከእናቲቱ ጋር እኩል የሚያደርገውን የሕገ መንግሥት ስምንተኛ ማሻሻያ በ67 በመቶ ድምፅ ያጸደቀች አገር ናት። በ2018 በ66.4 በመቶ ሻረችው። ቁጥሩ ተገለበጠ። በመሀል 35 ዓመት አለ። ለውጡ እንዴት መጣ የሚለውን ብዙ አስቤበታለሁ። ጩኸት ብቻውን አላመጣውም። 99 ዜጎች በዕጣ ተመርጠው ለወራት ሐኪሞችን፣ የሕግ ባለሙያዎችን፣ ያቋረጡትንም ያላቋረጡትንም ሴቶች አዳመጡ። ሕጉ ይለወጥ ያሉት ከዚያ በኋላ ነው። ለብዙ ዓመት በመርከብ ወደ እንግሊዝ ሄደው በዝምታ የተመለሱ ሴቶች ደግሞ ለአባቶቻቸውና ለወንድሞቻቸው መናገር ጀመሩ። ሰው ጋዜጣ ላይ ያለችውን ሴት ይፈርድባታል። እህቱን ግን ይሰማታል።

አርጀንቲናም ውስጥ መንገዱ ረጅም ነበር። አረንጓዴ ሻሽ የያዙት የመብቱ ደጋፊ ሴቶች በ2018 ሴኔቱ ውስጥ ተሸነፉ። ቤታቸው አልገቡም። ሰማያዊ ሻሽ የያዙት ተቃዋሚዎችም አልገቡም። በዲሴምበር 30 ቀን 2020 ሴኔቱ በ38 ለ29 እስከ 14ኛው ሳምንት ፈቀደ።

ታዛቢው፦

የሳቪታን ነገር አላውቅም ነበር። እየሞተች ያለችን እናት ጠብቂ ማለት በየትኛውም እምነት ሊደገፍ አይችልም።

ፅንሱ ሰው ነው ከሚለው አልተነሳሁም፣ አልነሳምም። እስርና ዛቻ እንዳይኖር ግን ከእናንተ ጋር ነኝ። የእርግዝና መከላከያ ይስፋፋ፣ ልጅ ለምታሳድግ ብቸኛ እናት ድጋፍ ይደረግ ቢባል ቀድሜ የምፈርመው እኔ ነኝ። በኔ ወገን ካሉት ብዙዎቹ ልጁ እስኪወለድ ይጮሃሉ፣ ከተወለደ በኋላ የሉም። ይሄን ለራሳችን ሰዎችም እላለሁ።

ጠያቂዋ፦

ታዛቢው፣ መጀመሪያ ላይ ያልኩት የመሀል ሕዝብ ይሄ ነው። አንድ አስተያየት ሰብሳቢ ደውሎልህ ቢሆን «ተቃዋሚ» ብሎ መዝግቦህ ስልኩን ይዘጋ ነበር። ካልከው ውስጥ ግማሹ አይመዘገብም።

ስም_አይጠቀስ፦

ይቅርታ፣ ክሩን ሳነብ ነበር። ጓደኛዬ ከሦስት ቀን በፊት ክኒን ወስዳለች። የት እንደገዛችው አልነገረችኝም። ከትናንት ጀምሮ ያንቀጠቅጣታል፣ ያተኩሳታል። ሆዷን በጣም ያማታል። ሆስፒታል እንሂድ ስላት ይከሱኛል ብላ ፈራች። ጠብቄ ልየው?

አዋላጇ፦

አትጠብቂ እህቴ። አሁኑኑ ውሰጃት።

ክኒኑን በወሰደች ዕለት ብርድ ብርድ ማለትና ትንሽ ማተኮስ የተለመደ ነው። ከ24 ሰዓት በላይ የቆየ ትኩሳት ግን የኢንፌክሽን ምልክት ነው። ሁለት የንጽሕና መጠበቂያ በአንድ ሰዓት ውስጥ ሞልቶ ያ ለሁለት ሰዓት ከቀጠለ፣ መጥፎ ሽታ ያለው ፈሳሽ ካለ፣ ራሷን ከሳተች ወይም አንድ ጎኗን ለይቶ ወይም ትከሻዋን ካመማት አንዱ ብቻ ይበቃል፣ ሂዱ። የመጨረሻው ከማህፀን ውጪ የሆነ እርግዝና ሊሆን ይችላል። እሱን ክኒን አያቆመውም።

የወሰደችውን ስም፣ ስንት እንደወሰደችና መቼ እንደወሰደች ያዢ። ማሸጊያው ካለ ይዘሽ ሂጂ። ለሐኪሙ እውነቱን ንገሩት፤ ሕክምናውን የሚያፋጥነው እሱ ነው። ብቻዋን አትተያት፣ እስክትታይ ድረስ ውስጥ አብረሻት ሁኚ። የሚሰጣት አንቲባዮቲክ ቶሎ ከተጀመረ ብዙ ጊዜ ትድናለች። በግል መልእክት ጻፊልኝ፣ ስልኬን እሰጥሻለሁ።

ታዛቢው፦

እህቴ፣ አዋላጇ ያለችሽን አሁኑኑ አድርጊ። የኛ ክርክር ይቆየናል።